ከነስህተቱ የተገለበጠው አክንባሎ፦ በማህበራችን ዓመታዊ ጉባኤ ላይ የቀረበ የመክፈቻ ንግግር

ክቡራን እንግዶች፣ የተከበራችሁ የፈጠራ ሠሪዎች ማህበራችን አባላት፣ እንኳን ደህና መጣችሁ። ታክሲ ተጋፍታችሁ በጠዋት አራት ኪሎ ድረስ ስለመጣችሁ አመሰግናለሁ። አዳራሹን በነፃ ለፈቀዱልንም ምስጋናዬ ይድረሳቸው።

የዓመቱን ሥራ በአጭሩ ልበል። ስልጠና ሰጥተናል። ማመልከቻ የምትሞላና ንድፍ የምታዘጋጅ ባለሙያ ቀጥረናል። ጥቂት አባሎቻችን የግልጋሎት ሞዴል፣ ማለትም ለአነስተኛ ፈጠራ የሚሰጥ የባለቤትነት መብት፣ ማመልከቻ አስገብተዋል። እኮራበታለሁ። ዝርዝሩ በእጃችሁ ባለው ሪፖርት ላይ አለ።

አሁን ዓመቱን ሙሉ እንቅልፍ ወደነሳኝ ነገር ልግባ።

ጥቅምት ላይ አንድ ወንድማችን ሁለት የኤሌክትሪክ ምጣድ አክንባሎ ተሸክሞ ቢሮ መጣ። አንዱ የራሱ ሥራ ነው። በማጠፊያ ይከፈታል፣ እንፋሎቱም እጅ እንዳይፈጅ ወደ ኋላ ይወጣል። ስንት ላሜራ አበላሽቶ እዚህ እንደደረሰ ብዙዎቻችሁ ታውቃላችሁ። ሌላውን ከመርካቶ ገዝቶት ነው፣ በጣም ረክሶ። ጠርዙን አዙሮ አሳየኝ። የእሱ ፎርማ ላይ ድሪል አምልጦት በስህተት የበሳት አንዲት ቀዳዳ አለች። ምንም ሥራ የላትም። የመርካቶው ላይም እዚያው ቦታ ላይ ነበረች። የገለበጠው ደግሞ ከመካከላችን አንዱ ነው።

ሂሳቡ ቀላል ነው። የፈጠረው ሰው የተበላሸውን ላሜራና የባከነውን ወራት ዋጋው ላይ መጨመር አለበት። የገለበጠው የብረቱንና የብየዳውን ብቻ ያስከፍላል። ገዢ ወደ ማን ይሄዳል? እንዲህ የተቃጠለ ሰው ሁለተኛ አይሞክርም፣ ከሞከረም ደብቆ ይይዘዋል። ሕጉ የመጣው ለዚህ ነው። በአዋጅ ቁጥር 123/1987 ፓተንት፣ ማለትም ለፈጠራ የሚሰጥ የባለቤትነት መብት፣ ለ15 ዓመት፣ የግልጋሎት ሞዴል ለ5 ዓመት ይጠበቃል። ሥራ ላይ መዋሉ ከተረጋገጠ ሁለቱም ለ5 ዓመት ይራዘማሉ። ባለቤቱ በምላሹ አሠራሩን ዘርዝሮ ያሳውቃል፤ ጊዜው ሲያልቅ የሁላችን ይሆናል። ወንድማችን ግን ማመልከቻ ያሰበው ሦስት ዓመት በአደባባይ ከሸጠ በኋላ ነው። ሕጉ የሚጠብቀው አዲስ የሆነውን ነው፤ እሱ ግን አዲስ ነው ሊል አይችልም።

ይሄ ነገር ለሁለት ከፍሎናል። "እኛም የተማርነው የሌላውን ፈትተን ነው" ያላችሁ አላችሁ። እውነታችሁን ነው። እኔም ሙያ የያዝኩት የተበላሸ ወፍጮ ፈትቼ ነው። አንዱ አባላችን ደግሞ ሆላንድ እ.ኤ.አ. ከ1869 እስከ 1912 ያለ ፓተንት ሕግ ኖራለች ብሎ ተከራከረ። ልክ ነው። ያለ ቦታው የተሰጠ መብት እንደሚጎዳም እዚያው ሆላንድ በጤፋችን አይተናል። የጤፍ ዱቄት ፓተንት በአንድ ኩባንያ እጅ ገብቶ፣ የሔግ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2018 የሻረው ምንም የፈጠራ እርምጃ የለውም፣ ማለትም ለሙያው ሰው ግልጽ ከሆነው ያለፈ ነገር የለበትም ብሎ ነው። ስለዚህ ፈትቶ መማሩ ይቀጥል እላለሁ። የጎረቤትን ሥራ ከነቀዳዳው ገልብጦ በርካሽ መሸጥ ግን ይቁም።

ሁለተኛው ጉዳይ ገንዘብ ነው። ከጥር ጀምሮ ለባለሙያዋ ደሞዝ መክፈል አልቻልንም። መዋጮ የከፈላችሁ ከግማሽ በታች ናችሁ። ስጠይቅ "እኔ ባልከፍል ማህበሩ አይዘጋም" እባላለሁ። ሁሉም እንዲህ ካለ ይዘጋል። ደግሞስ ሌላው በከፈለበት መጠቀም አክንባሎውን ከመገልበጥ በምን ይለያል? እኔ ልዩነቱ አልታየኝም።

ዛሬ ያልመጡ አሉ። በስም አልጠራም። ባለሙያዋ ደሞዝ ሳይከፈላት እስከ ማታ ቁጭ ብላ ማመልከቻችሁን የሞላችላችሁ ግን ራሳችሁን ታውቃላችሁ። ደጋግሜ ደውዬላችኋለሁ፣ ስልክ አላነሳችሁም። ፒያሳ ሲፈርስ ከሰፈራችሁ የራቃችሁ፣ ኪራይ የከበደባችሁ እንዳላችሁ አውቃለሁ። ለእናንተ መዋጮውን በየወሩ ከፋፍለን እንቀበላለን። ብቻ ስልክ አንሱ፣ ንገሩን።

እዚህ ያላችሁ ይህን መልእክት አድርሱልኝ።

ከሻይ በኋላ የምንወስነው የባለሙያዋን ውልና አባል የአባልን ሥራ ሲገለብጥ የሚወሰደውን እርምጃ ነው። ሁለቱ አክንባሎዎች እዚህ ጠረጴዛው ላይ ናቸው። ሐሳብ ከመስጠታችሁ በፊት ቀርባችሁ እዩዋቸው። ቀዳዳዋ ከማጠፊያው በስተግራ ናት።

ጉባኤያችን ተከፍቷል።