ኖርም ማክዶናልድ ስለ ሞት ሲቀልድ ፊቱ ለምን አይፈታም?

ሰላም፣ እንዴት ናችሁ? ዛሬ የማወራችሁ ስለ ኖርም ማክዶናልድ ነው። ካናዳዊ ኮሜዲያን ነው። አሜሪካ ውስጥ ስሙ የገነነው በ1990ዎቹ (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) «ሳተርዴይ ናይት ላይቭ» በሚባለው የቴሌቪዥን የቀልድ ፕሮግራም ላይ የቀልድ ዜና ሲያነብ ነው። እኔ ግን የምወደው ስለ ሞት ሲያወራ ነው። ፊቱ ኮስተር፣ ድምፁ ረጋ ያለ። አንዳንዴ ዓይኑ ብቻ ያመልጠውና ፈገግ ይላል።

ይሄ ኮስተር ማለት ምን ይሠራል? ሪጎሬ አስቡ። ጎበዝ መቺ ኳሷን ያስቀምጣል፣ ወደ ኋላ ይሄዳል፣ ይቆማል። በረኛው ዓይኑን ያያል፤ ምንም የለም። ትከሻውን ያያል፤ ምንም የለም። እግሩንም ያያል፤ እሱም ምንም! ስለዚህ ገምቶ ወደ ግራ ይወረወራል። ኳሷ በቀኝ ትገባለች፣ ያውም ቀስ ብላ። መቺው ሲንደረደር ወደ ቀኝ ሰርቆ ቢያይ ኖሮ ግን አለቀለት፤ ተነቅቶበታል። እዚህ ጋ በረኞቹ እኛ ነን። ሞት ሲነሳ ደግሞ ሁላችንም ቶሎ እንከላከላለን። ኖርም ቀድሞ ቢስቅ እንዘጋጅበት ነበር። አይስቅም። ስለዚህ ይገባብናል።

የቀልድ አሠራሩን ታውቁታላችሁ፤ መንደርደሪያ፣ ፋታ፣ መቋጫ። እሱ መንደርደሪያውን ያስረዝማል፣ መቋጫውን ያሳጥራል። በቃ፣ እንለፍ።

ምክንያቱም አንድ ነገር ማስተካከል አለብኝ። ብዙዎቻችሁ «ስለ ካንሰር የቀለደው ታሞ ስለነበር ነው» ትላላችሁ። አይደለም! ያ ቀልድ የተላለፈው በ2011 ነው። ያረፈው መስከረም 2021 ነው፤ ያኔ የተነገረው ደግሞ ለ9 ዓመት ገደማ ታሞ እንደነበር ነው። አስሉት፤ ቀልዱ ይቀድማል። ቀልዱ ራሱ ምን ይላል? ሰው በካንሰር ሲሞት «ትግሉን ተሸነፈ» ይባላል። ኖርም ይሄ አይዋጥለትም። ሰውየው ሲሞት ካንሰሩም አብሮ ይሞታል፤ ስለዚህ አቻ ነው የወጡት ይላል። በእኔ እምነት ይሄ ጭካኔ አይደለም። ለሟቹ መሟገት ነው። «ተሸናፊ» ተብሎ እንዳይቀበር መከራከር ነው። እየሳቀ ቢናገረው ኖሮ ክርክሩ ይጠፋብን ነበር።

ሕመሙን ደግሞ ከሕዝብ ደብቆ ነው የኖረው። በ2020 የሕክምና ቀጠሮ ነበረው። በዋዜማው ቤቱ ቁጭ ብሎ፣ ማዳመጫ ጆሮው ላይ አድርጎ፣ ያዘጋጀውን ቀልድ ሁሉ ለካሜራ ተናገረ። ተመልካች የለም። የሚስቅ ሰው የለም። መሃል ላይ ስልክ ይጠራል፣ ውሻ ይጮሃል። እሱ ይቀጥላል። ሌላ ኮሜዲያን ያለ ሳቅ ይሰጥም ነበር ብዬ አስባለሁ። ኖርም ግን ድሮም ሳቃችንን ጠብቆ አያውቅም። ዝግጅቱ ከሞተ በኋላ፣ በ2022 ኔትፍሊክስ ላይ ወጣ።

መጀመሪያ የ2011ዱን እዩ፣ ከዚያ ይሄኛውን። በዚህ ቅደም ተከተል! ሰብስክራይብ ያላደረጋችሁ አድርጉ፤ በሚቀጥለው ፊቱ ስለማይፈታው የድምፅ አልባ ፊልም ኮሜዲያን፣ ስለ በስተር ኪተን እናወራለን።