በደጃችን የሚያልፉ ከዋክብት

የተከበራችሁ አድማጮች፣

ከ70 ሺህ ዓመታት ገደማ በፊት ሾልዝ የተባለ ደብዛዛ ቀይ ኮከብ በደጃችን አልፏል። ፀሐይን እስከ 0.8 የብርሃን ዓመት ድረስ ቀርቧት ነበር፤ ዛሬ ቅርብ ጎረቤታችን የምንለው ፕሮክሲማ ሴንታውሪ እንኳ 4.2 የብርሃን ዓመት ይርቃል።

ምን ጉዳት አደረሰ? ይህ ነው የሚባል የለም። የአላፊ ኮከብ ጉልበት የሚለካው በክብደቱ፣ በቅርበቱና በፍጥነቱ ነው። ሾልዝ ቀላል ነበር፤ ደግሞም ቸኩሎ አለፈ። የሚቸኩል ኮከብ ለመጎተት ጊዜ አያገኝም።

ፀሐይ በተወለደችበት የከዋክብት መንጋ ውስጥ ግን ወንድምና እህቶቿ ቅርብም፣ ዝግተኞችም ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ2003 የተገኘችው ሴድና፣ በሥርዓተ ፀሐይ ዳር የምትዞር ትንሽ በረዷማ አካል፣ የዚያ ዘመን ጠባሳ ሳትሆን አትቀርም። ለፀሐይ እጅግ ስትቀርብ እንኳ ርቀቷ የምድርን 76 እጥፍ ነው፤ ኔፕቲዩን ደግሞ በ30 እጥፍ ላይ ስለሚዞር እጁ አይደርስባትም። ገና ያልታየ ፈለክ ጎትቷት ይሆናል የሚሉ አሉ፤ እኔ ግን ለኮከቡ አደላለሁ።

እኔን ይበልጥ የሚያስጨንቀኝ ጸጥተኛው ግፊት ነው። እ.ኤ.አ. በ2022 የወጣ ስሌት እንደሚያሳየው አላፊ ኮከብ የኔፕቲዩንን ምሕዋር በ0.1 በመቶ ብቻ ቢያዛንፍ፣ በመጪዎቹ 5 ቢሊዮን ዓመታት ሥርዓተ ፀሐይ የመናጋቱ ዕድል አሥር እጥፍ ገደማ ይጨምራል። የሚገፋው ዳር ያለው ኔፕቲዩን ሆኖ ሳለ፣ የሚንገዳገደው ለፀሐይ የቀረበው ሜርኩሪ ነው! ምክንያቱም ፈለኮች ሁሉ በስበት የተሳሰሩ ናቸው። የሜርኩሪ ሞላላ ምሕዋር ራሱ ቀስ እያለ ይሽከረከራል፤ የጁፒተርም እንዲሁ። የሁለቱ ዙር ከገጠመ፣ ዥዋዥዌ ላይ ያለን ልጅ በየመልሱ እንደመግፋት ይሆናል። ግፊቱ ትንሽ ነው፤ ግን ይደማመራል፣ የሜርኩሪም ምሕዋር እየተለጠጠ ይሄዳል።

ወደ ኋላ ስንቆጥርም ያው ችግር ይገጥመናል። ኤችዲ 7977 የተባለው ኮከብ ከ2.8 ሚሊዮን ዓመታት ገደማ በፊት አልፏል። በምን ያህል ርቀት እንዳለፈ በትክክል ካልታወቀ፣ የምድርን የጥንት ምሕዋር የሚያሰሉ ኮምፒውተሮች ቀድሞ ካመንነው ባነሰ ዘመን ላይ ይደናገራሉ።

ከመጪዎቹ እንግዶች አንዱ ግሊዝ 710 የተባለው ኮከብ ነው፤ ከ1.3 ሚሊዮን ዓመታት በኋላ እስከ 0.17 የብርሃን ዓመት ድረስ ይጠጋናል። ጅራታም ከዋክብትን ይቀሰቅስ እንደሆነ እንጂ ፈለኮቹን እምብዛም አይነካም። አነስተኛ ቴሌስኮፕ ያለው ሰው ዛሬም ሊያየው ይችላል። በሰማይ ላይ ከቦታው ንቅንቅ የማይል ይመስላል፤ ወደ እኛ አቅጣጫ በቀጥታ እየመጣ ነውና።

አመሰግናለሁ።