እሳቱን ከሩቅ ያየ ልጅ፦ ስለ ሠዓሊው ኒኮላይ አስትሩፕ የተደረገ ንግግር

የተከበራችሁ የሥዕል ወዳጆች፤

የኖርዌይ ሥዕል በተነሣ ቁጥር ቀድሞ የሚጠራው የኤድቫርድ ሙንክ ስም ነው። እኔ ግን ዛሬ ጊዜያችሁን የምሻማው በአገሩ እጅግ ስለሚወደድ፣ ከአገሩ ውጭ ግን ለረጅም ዘመን ብዙም ሳይታወቅ ስለ ቆየ ሌላ ሠዓሊ፣ ስለ ኒኮላይ አስትሩፕ ለመናገር ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አስትሩፕ በ1880 በምዕራብ ኖርዌይ ጠረፍ ተወለደ። ገና ሕፃን ሳለ ቤተሰቡ፣ የሉተራን ቄስ የነበሩት አባቱ ወደ ተመደቡበት ወደ ዮልስተር ወረዳ፣ ኦልሁስ ወደምትባል መንደር ተዛወረ። ከ14 ልጆች የበኩሩ እሱ ነበር። የቄሱ ቤት ያረጀ፣ ብርድና እርጥበት የማይለየው ቤት ስለ ነበር፣ ከልጅነቱ የጀመረው አስም እስከ ዕድሜው ፍጻሜ አልተወውም። በዚያ አገር የጁን ወር ሌሊት ጨርሶ አይጨልምም፤ ተራራው፣ ሐይቁና የጓሮው ዛፍ ሁሉ በፈዘዘ ሰማያዊ ብርሃን ተውጠው ያድራሉ። ትንፋሽ እያጠረው የሚያድር ልጅ ይህን ብርሃን ከማንም ይበልጥ ሳያውቀው አልቀረም ብዬ አስባለሁ፤ ጎልማሳ ሆኖ ደጋግሞ የሣለው ይህንኑ ሌሊት ነውና።

በየዓመቱ ጁን 23 ምሽት፣ በቅዱስ ዮሐንስ ልደት ዋዜማ፣ የዮልስተር ሰው በየኮረብታው እሳት አንድዶ፣ ቫዮሊን እያስመታ ይጨፍራል። ደመራ እየለኮሰ ላደገ ሰው የእሳቱ ደስታ ማብራሪያ አያስፈልገውም። አባቱ ግን ከክርስትና በፊት የነበረ የአረማውያን ልማድ ነው ብለው ስለሚጠየፉት፣ ልጆቻቸው ወደዚያ እንዳይደርሱ ከልክለው ነበር። እንግዲህ የዚህ ልጅ ነገር የሚደንቀው እዚህ ላይ ነው፤ እንዳይጠጋው የተከለከለውን እሳት ሠዓሊ ሆኖ ዕድሜውን ሙሉ፣ በዘይት ቀለምም በእንጨት ሕትመትም (ማለትም ሥዕሉን በእንጨት ሰሌዳ ቀርጾ በወረቀት ላይ በማተም)፣ ሲመላለስበት ኖረ። ከእነዚህ ሥዕሎች በአንዳንዶቹ ጢሱ እየተጥመለመለ ወደ ተራራው ሲወጣ፣ ጥንዶቹ በነበልባሉ ፊት ሲሽከረከሩ፣ ከጭፈራው ተነጥሎ የቆመ አንድ ሰው ይታያል። ዓይኔ ሁልጊዜ የሚያርፈው በዚያ ሰው ላይ ነው።

አባትየው የበኩር ልጃቸው ቄስ እንዲሆንላቸው ይመኙ ነበር። እሱ ግን በ1899 ወደ ዋና ከተማዋ ክሪስቲያኒያ፣ ወደ ዛሬዋ ኦስሎ ሄዶ፣ በታዋቂዋ ሠዓሊ በሃሪየት ባከር የሥዕል ትምህርት ቤት ገባ። ቀጥሎም ፓሪስ ወርዶ በኖርዌያዊው ሠዓሊ በክርስቲያን ክሮግ ሥር ተማረ። በ1902 ወደ ዮልስተር ተመለሰ፤ ከዚያ በኋላ ለጉብኝት ካልሆነ በቀር ከሐይቁ ዳር አልራቀም። በ1905፣ ኖርዌይ ከስዊድን ጋር የነበራትን አንድነት ባፈረሰችበት ዓመት፣ ለብቻው ያቀረበው የመጀመሪያ ዐውደ ርዕይ ጥሩ ተቀባይነት አገኘ።

በ1907 የገበሬ ልጅ የሆነችውን ኤንገል ሱንደን አገባ። እሱ 27፣ እሷ ገና 15 ዓመቷ ነበር፤ ዛሬ ስንሰማው የሚከነክነን ነገር ነው። ስምንት ልጆች ወለዱ። በ1912 ከኦልሁስ ማዶ ሳንዳልስትራንድ የተባለ፣ ፀሐይ እምብዛም የማያገኘው ቀጥ ያለ ገደል መሬት ገዛ። በዚህ መሬት ላይ ድንጋይ እየካበ እርከን ሠራ፤ የቆዩ የእንጨት ቤቶችን ከሌላ ቦታ አስመጥቶ ተከለ፤ ፍራፍሬና አበባ አለማ። ሩባርብ የሚባለውን፣ ግንዱ ቀይ፣ ጣዕሙ ኮምጣጣ የሆነውን ተክል በልዩ ልዩ ዓይነት ያበቅል፣ ወይን ጠጅም ይጠምቅበት ነበር። በሥዕሎቹ ውስጥ ኤንገል ከጃንጥላ የሚሰፉትን የሩባርብ ቅጠሎች ስትለቅም እናያታለን። እርሻው ሥዕሉን፣ ሥዕሉም እርሻውን ይመግብ ነበር ማለት ይቻላል።

ስለ እንጨት ሕትመቱ ጥቂት ልጨምር። ከጃፓን ሕትመቶች ብዙ የተማረው አስትሩፕ፣ ለአንድ ሥዕል በርከት ያሉ የእንጨት ሰሌዳዎችን ይቀርጽና ቀለሞቹን አንዱን በአንዱ ላይ እየደረበ ያትማል። የሚጠቀመው የዘይት ቀለም ስለ ነበር አንዱ ሳይደርቅ ሌላው አይከተልም፤ ስለዚህ አንድ ወረቀት ብዙ ጊዜ ይፈጅበታል። ታትሞም አያበቃም፤ ብሩሽ አንሥቶ እዚህ አበባ ይጨምራል፣ እዚያ በረዶ ይቀንሳል። በዚህ የተነሣ ከእነዚያው ሰሌዳዎች የወጡ ሁለት ሕትመቶች የተለያየ ወቅት፣ የተለያየ ሰዓት ይመስላሉ። ሕትመት ማለት ማባዛት ነው ለሚል ሰው ይህ ግራ የሚያጋባ ሥራ ነው፤ ኑሮውም እንዳይቃናለት ያደረገው አንዱ ምክንያት ይኸው ሳይሆን አይቀርም።

በጃንዋሪ 1928 በሳንባ ምች በ47 ዓመቱ ዐረፈ። ኤንገል ራሷ በጨርቅ ላይ በእጅ የማተም ሙያ የነበራት ሴት ስለ ነበረች፣ በዚሁ ሙያ እየሠራች ልጆቿን አሳደገች፤ እስከ 1966 ኖራለች። ገደሉ ላይ የቆመው መኖሪያቸው ከ1986 ጀምሮ አስትሩፕቱነት በሚል ስም ሙዚየም ሆኖ ለጎብኚዎች ክፍት ነው።

ስላዳመጣችሁኝ አመሰግናለሁ።