ኤዲተሩ ነው ወይስ ፕሮዲዩሰሩ?

እንደምን ሰነበታችሁ። ዛሬ እንግዳ የለኝም፤ ቢኖርም አላስወራውም ነበር። ከበስተጀርባ የሚጮኸው ጄነሬተር ያው «ተባባሪ አዘጋጁ» ነው፤ ስሙን ያወጣችሁለት እናንተ ናችሁ።

የዶሮ ማነቂያውን ልብስ ሰፊ ታስታውሷቸዋላችሁ አይደል? በ2016 ዓ.ም. ፒያሳ ሲፈርስ የቀረጽናቸው። ፊልሙን ለቴሌቪዥን ጣቢያ ለማስረከብ 52 ደቂቃ ላይ ማምጣት ነበረብንና ከረዳቴ ጋር ተቀምጠናል። አባት ፍርስራሹ ፊት ቆመው «በሩ እዚህ ነበር» ይላሉ። ከዚያ ዝም። አንገታቸው ላይ ያለውን ሜትር አውርደው ጣታቸው ላይ ይጠቀልሉታል፤ ይፈቱታል፤ መልሰው ይጠቀልሉታል። 12 ሴኮንድ። በሴኮንድ 25 ፍሬም፣ ማለትም 25 ነጠላ ምስል፣ ሲታሰብ 300 ፍሬም፣ አንድም ቃል የሌለበት። አራቱን ሴኮንድ አስቀርቼ ቀሪውን ቆረጥኩት።

ልጅቷ፣ ረዳቴ፣ ዓይኗን ከኮምፒውተሩ ሳትነቅል «ጋሼ፣ ይህን የቆረጠው ኤዲተሩ ነው ወይስ ፕሮዲዩሰሩ?» አለችኝ።

ተንኮል የለበትም፤ ስኳር ስንት ላድርግልዎት ብላ እንደምትጠይቀው ነው የጠየቀችኝ። «ሁለቱም» ብዬ ሳቅኩ፤ የዚህ ፊልም ቆራጩም ገንዘብ አውጪውም እኔው ነኝ። እሷ አልሳቀችም። ሜትሩ መጠቅለል የጀመረበት ቦታ ላይ መልሳ አቆመችውና ዝም አለች።

ቁርጡ ትክክል ነው። ዛሬም ቢሰጠኝ እዚያው ነው የምቆርጠው። ይመስለኛል።

አሜሪካዊው የፊልም ኤዲተር ዋልተር መርች አንድን ቁርጥ ሲመዝን ከመቶ 51 ለስሜት፣ 23 ለታሪክ ይሰጣል። የአየር ሰዓት ስንት እንደሚደርሰው ግን በዝርዝሩ ውስጥ የለም! ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ «ጤዛ»ን ጽፈው፣ አዘጋጅተው፣ በፕሮዲዩሰርነትም በኤዲተርነትም ሠርተውበታል። እሳቸውን ማን እንዲህ ብሎ ጠይቋቸው ይሆን?

በነገራችን ላይ በሴኮንድ 24 ፍሬም የተቀረጸ የ90 ደቂቃ ፊልም በ25 ሲጫወት ስለሚፈጥን 86 ደቂቃ ከ24 ሴኮንድ ይሆናል። ማንም ሳይቆርጠው! የእኛ ግን ከመጀመሪያውም በ25 የተቀረጸ ስለሆነ በዚያም ማምለጥ አልተቻለም።

የሠርግ ቪዲዮ አቀናብራለሁ፤ ማስታወቂያ እሠራለሁ፤ የሰው ፊልም ድምፅ አስተካክላለሁ፤ በዚያ ገንዘብ ፕሮዲዩሰር እሆናለሁ። ፕሮዲዩሰሩ እስከ ዛሬ ለኤዲተሩ አልከፈለውም፤ ኤዲተሩም አፍሮ አይጠይቅም። ቀድሞ የሌላ ሰው ፊልም ስቆርጥ ግን እንጣላ ነበር። «ይህ ይውጣ» ይሉኛል፤ «አይወጣም» እላለሁ፤ ቡናው ይቀዘቅዛል፤ ከዚያ ጠብ መሐል አንዳንዴ ማናችንም ያላሰብነው ቁርጥ ይወጣል። አሁን የሚጣላኝ የለም። ተስማምቼ አድራለሁ።

ጠቡ ይናፍቀኛል ልል ነበር። አይናፍቀኝም። አንዱ ፕሮዲዩሰር ፊልሙን ሳያይ ነበር «ይጠር» የሚለኝ። እንዲያውም ልጅቷን ነገ… አላውቅም፤ ብጠይቃት ምን ትለኝ ይሆን?

ለማንኛውም ቅዳሜ የሚደርስ ሠርግ አለብኝ። የሙሽራው እናት ጭፈራው ከነሙሉው ይግባ፣ አንዲት ነገር እንዳትነካ ብለውኛል። እሳቸው ደግሞ ከፋይ ናቸው፤ እና እዚያ ላይ እኔ ኤዲተር ነኝ ወይስ… እሺ፣ እሱን ሌላ ቀን።