ካሜራው ሲቀል

እንደምን አመሻችሁ?

ርዕሱን የሰሙ አንዳንድ ወዳጆቼ «ሌላ ወሬ ጠፋ?» ብለውኛል። አልፈርድባቸውም። የወሲብ ፊልም በኛ አገር በአደባባይ የሚነሳ ጉዳይ አይደለም። እናንተ ግን የፊልም ተማሪዎች ናችሁ። ካሜራ በእጅ ይዞ፣ ባለው ብርሃን ብቻ የመቅረጽ ዘዴ ታሪኩ ሲነገር ይህ ጓዳ ይዘለላል። ዛሬ እንግባበት።

እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ ታዋቂዎቹ የአሜሪካ የወሲብ ፊልሞች በሴሉሎይድ ተቀርጸው ሲኒማ ቤት ይታዩ ነበር። ጽሑፍ ነበራቸው፣ መብራት የሚያስተካክልና ድምፅ የሚቀዳ ባለሙያም እንደዚሁ። ቪኤችኤስ የተባለው የቤት ቪዲዮ ካሴት ሲመጣ ተመልካቹ ወደ ሳሎኑ ገባ። በ1988 ደግሞ የካሊፎርኒያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ለእንዲህ ያለ ፊልም ተዋናይ መቅጠር ለሴተኛ አዳሪነት እንደ መደለል አይቆጠርም ብሎ ፈረደ። የሎስ አንጀለሱ ሳን ፈርናንዶ ሸለቆ የንግዱ መናኸሪያ የሆነው ያለምክንያት አይደለም።

በ1989 የወሲብ ፊልም አዘጋጁ ጆን ስታግሊያኖ ካሜራውን ራሱ ይዞ፣ እየቀረጸ ከተዋናዮቹ ጋር እያወራ መሥራት ጀመረ። ጎንዞ የሚባለው ስልት ነው። በ1995 ሶኒ ቪኤክስ1000 የተባለችውን ትንሽ ዲጂታል ካሜራ ሲያወጣማ አንድ ሰው ብቻውን ፊልም ሠሪ መሆን ቻለ። የሚንቀጠቀጠው ምስል የመጣው ከቁጠባ ነው። ገበያው ግን «እውነተኛው ይሄ ነው» ብሎ ሸጠው።

አሁን ካሴቱን አስቡት። ባለ 400 ጫማ የ16 ሚሊሜትር ፊልም 11 ደቂቃ ገደማ ሄዶ ያልቃል። ሲያልቅ ሥራ ይቆማል። ተዋናይዋ ልብሷን ደረብ ታደርጋለች፣ ውኃ ትጠጣለች፣ «ይሄ አልተመቸኝም» ለማለት ፋታ ታገኛለች። የነዚያ ትንንሽ ዲጂታል ካሜራዎች ሚኒ ዲቪ ካሴት ግን አንድ ሰዓት ይሄዳል። ክፍሉ ውስጥም ኧረ ተው የሚል መብራት ሠራተኛ የለም። ቀራጩ፣ አዘጋጁና ከፋዩ አንድ ሰው ነው፤ አንዳንዴም አብሮ ይተውናል። በጀቱ ሲቀነስ አብሮ የተቀነሰው ምስክር ነው ባይ ነኝ።

በ1998 በዚሁ ንግድ ውስጥ የሚሠሩ በርካታ ተዋናዮች በኤችአይቪ መያዛቸው ታወቀ። በ2004 እንደገና ተከሰተና ቀረጻ ለሳምንታት ቆመ።

ጥፋቱ የካሜራዋ ነው እያልኩ አይደለም። በ1998 ዴንማርካዊው ቶማስ ቪንተርበርግ «ፌስተን» የተባለውን ፊልሙን የቀረጸው በትንሽ የቤት ቪዲዮ ካሜራ ነው፤ በካን ፊልም ፌስቲቫል ላይም ተሸልሞበታል። የኛም ሲኒማ እ.ኤ.አ. በ2000ዎቹ የተነቃቃው በቪዲዮ ካሜራ ነው።

በ2018 የአሜሪካው ቴሌቪዥን ጣቢያ ኤችቢኦ ያን የ1970ዎቹን ዘመን በሚተርክ ድራማው ላይ አንዲት ባለሙያ ቀጠረ። ሥራዋ ተዋንያኑ ምን እንደተስማሙ ቀድሞ ማወቅና ከዚያ ሲታለፍ ቀረጻውን ማስቆም ነው። ከዚያ ወዲህ ይህ ሙያ «ኢንቲማሲ ኮኦርዲኔተር» (የቅርበት ትዕይንት አስተባባሪ) በሚል ስም በብዙ ፊልሞች የባለሙያዎች ዝርዝር ላይ ይታያል።

አመሰግናለሁ። ጥያቄ ያላችሁ ማይኩ እዚያ ጋ አለ።