የዛሬ ዓመት ይሄኔ

እሺ... ሰላም ናችሁ? ዶሮው እየጮኸ ነው፣ አዎ ያው ዶሮ፣ ዛሬ ኤዲት አላደርገውም ይጩህ። ስለ ድንግዝ፣ ስለዛች እኔ ስለፈጠርኳት ዓለም ነው የማወራው ግን ካርታውን አይደለም፣ ካርታውን ቃል እንደገባሁላችሁ ሌላ ጊዜ። ዛሬ የጊዜውን ነገር ነው፣ ምክንያቱም ከእሁድ ጀምሮ እንቅልፍ ነስቶኛል።

የድንግዝን ጊዜ ታስታውሳላችሁ አይደል? አምባው ላይ ይዘንባል። ጊዜው ማለቴ ነው። አናት ላይ የሚኖሩት ሰዎች አዲስ ጊዜ ብቻ ነው ያላቸው፣ እንደዘነበ ወርዶ ያመልጣቸዋል፣ ትናንት ማን ቤት እንደበሉ እንኳ አያስታውሱም። ከዛ በየገደሉ ይወርድና ሸለቆው ውስጥ ይጠራቀማል፣ ያለፈው ሁሉ እዛ ነው፣ አልጠፋም፣ ተኝቷል። ግማሽ ቀን ቁልቁል ከሄድክ አባትህ ልጅ የነበረበት ዘመን ላይ ትደርሳለህ። ሕጉ ደግሞ አንድ ነው፣ የወረደ ተመልሶ አይወጣም። ይቺን ሕግ ለማግኘት ስንት ወር እንደፈጀብኝ ታውቃላችሁ፣ ከጻፍኩት ሁሉ በጣም የምወዳት እሷን ነው።

እና እሁድ ለእምዬ ነገርኳት። ምስር እየለቀመች ነው፣ ሰፌዱ ጭኗ ላይ፣ ጀበናው ከሰሉ ላይ ተጥዷል። የምትሰማኝ አልመሰለኝም፣ ጣቷ ጠጠር እየፈለገ ነው፣ እኔ ዝናቡን ገደሉን ሸለቆውን በቃ አወራለሁ አወራለሁ። ስጨርስ ጣቷ ቆመ። "እንግዲህ ያለፈው ሁሉ እታች ካለ" አለች፣ "ልጄም እዛ ነው በለኛ።"

ጋሼን ማለቷ ነው።

እኔ ምን አልኩ? "እምዬ ፈጠራ እኮ ነው።" ቶሎ ብዬ። ትንፋሿን እንኳ ሳትጨርስ። "አውቃለሁ" አለችኝ፣ ጠጠር አገኘች፣ ጣለችው።

ቆይ እዚህ ጋ አንድ ነገር ልበል፣ ታች ጊዜ ይዘገያል የሚለው እኮ እውነት ነው፣ እኔ ከጭንቅላቴ ያወጣሁት መስሎኝ ነበር። አንስታይን በ1907 በፈረንጆቹ፣ ስበት በበረታበት ቦታ ሰዓት ቀስ ይላል የሚለውን ሐሳብ አመጣ፣ በ1960 ሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ ፓውንድና ሬብካ የሚባሉ የፊዚክስ ሰዎች 22.5 ሜትር በሆነች ከፍታ ልዩነቱን በጋማ ጨረር ለኩት። በ2010 ደግሞ አሜሪካ ውስጥ ሁለት አቶሚክ ሰዓት፣ ማለት በጣም በጣም ትክክለኛ ሰዓት፣ አንዱን በ33 ሴንቲሜትር ብቻ ከፍ አድርገው፣ ከፍ ያለው ሲፈጥን አዩት። 33 ሴንቲሜትር! ከእምዬ ሰፌድ እስከ አገጯ ያለው ከዛ ይበልጣል። ማለት ጣቷና ዓይኗ አንድ ጊዜ ላይ አልነበሩም።

በዛው ሌሊት ተነስቼ ሒሳቡን ሠራሁት። አፋር፣ ዳናኪል ላይ መሬቱ ከባህር ወለል ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ይላል፣ አዲስ አበባ 2,400 ሜትር አካባቢ ነው። እዛ ወርዳችሁ 80 ዓመት ብትቀመጡ አዲስ አበባ ከቀረው ሰው የምትዘገዩት የሰከንድ አንድ ሺህኛ እንኳ አይሞላም። አንድ ሺህኛ። ማንም ማንንም አያገኝም በዛች። ለምን እንደሠራሁት አላውቅም፣ ለእሷ የምነግራት ነገር ፈልጌ መሰለኝ፣ ወይ ለራሴ።

ግን እንቅልፍ የነሳኝ እሱ አይደለም። "አውቃለሁ" ካለች በኋላ ትንሽ ቆየችና ሰፌዱን እያየች፣ "የዛሬ ዓመት ይሄኔ እኔና እሱ..." አለች። ከዛ ቡናው ገነፈለ። ከሰሉ ጭስስ አለ፣ ተነሳች፣ ጀበናውን አወረደች፣ "ስኒውን አቀብለኝ" አለች፣ በቃ፣ ወሬው እዛው ቀረ።

አሁን አስቡት። የዛሬ ዓመት ስንል ያለፈውም ነው የሚመጣውም ነው አይደል? የዛሬ ዓመት መጣሁ፣ የዛሬ ዓመት እመጣለሁ። አንድ ቃል። የሚለየው ግሱ ነው፣ ግሱ ደግሞ መጨረሻ ላይ ነው የሚመጣው፣ የእሷ ግስ አልመጣም። "ቡና ስንጠጣ ነበር" ልትል ይሆናል፣ እውነቷን ነው፣ ጋሼ አምና በዚህ ሰሞን እዛች በርጩማ ላይ ነበር፣ እግሩን ዘርግቶ፣ መንገድ ዘግቶ። ወይም ደግሞ... ወይም አብረን ነን ልትል ነው። እኔ በነገርኳት ሸለቆ ውስጥ።

ሕጉን ልቀይረው ብዬም አስቤ ነበር። የወረደ ይውጣ፣ ምን አለበት፣ የኔ ዓለም አይደለች? ትናንት ጻፍኩት፣ አንድ ገጽ ተኩል፣ ግን ሁሉም ሰው ከወጣ ሸለቆው ባዶ ነው፣ ለአንድ ሰው ብቻ ካደረግኩት ደግሞ... አይ። ሰረዝኩት። በኋላ መልሼ አስገባሁት። አሁን ፋይሉ ላይ ሁለቱም አሉ።

ነገ ቤቷ ነኝ። እጠይቃታለሁ ብዬ ነበር፣ ግን "ምን ብዬ ነበር?" ብትለኝስ? እኔ ያለኝ "እኔና እሱ" እስከሚለው ድረስ ነው፣ ከዛ በኋላ ቡናው ነው...