ከጥላው ሥር

ክቡራን እንግዶች፣ የጅማ ልጆች፣ እንደምን አመሻችሁ? ፊልሙ ከመጀመሩ በፊት አንድ ነገር ልንገራችሁ።

ካሜራዬን ይዤ በለጠ ገራ ደን የገባሁት ሰው የሌለበት ጫካ ለመቅረጽ ነበር። ጉም፣ ጉሬዛ፣ ትልልቅ ዛፍ። አንድ ቀን ቀፎ የሚሰቅሉ አባት ከፊቴ ሲያልፉ፣ «አባቴ፣ እባክዎ ትንሽ ዞር ይበሉልኝ» አልኳቸው። ዞር አሉልኝ። ቀረጻው አማረ። ማታ ቁጭ ብዬ ሳየው ግን ከፋኝ። ያ ዛፍ እስከ ዛሬ መጥረቢያ ያልነካው እኮ የእሳቸው ቀፎ ስለተሰቀለበት ነው። እኔ ጠባቂውን አስወጥቼ ዛፉን ብቻ ቀረጽኩ።

በማግስቱ ሄጄ ይቅርታ ጠየቅኋቸው። ከዚያ ወዲያ ፊልሙ መልኩን ለወጠ።

ደንና ሰው ተጠባብቀው መኖራቸው የጅማን ሰው አይገርመውም። አረቢካ ቡና በተፈጥሮው ከእነዚህ ከደቡብ ምዕራብ ደኖች ዛፎች ሥር የሚበቅል ነው። ጎረቤቶቻችን ያዩና ካፋ እ.ኤ.አ. በ2010 በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ሥፍራ፣ ማለትም ተፈጥሮው እየተጠበቀ ሰውም አብሮት የሚኖርበት ቦታ፣ ሆነው ሲመዘገቡም ሰው ከነቡናው፣ ከነማሩ እዚያው ነው ያለው።

ደስ የሚለውን ብቻ ተናግሬ ግን አልወርድም። ድሮን አስነሥተን ከላይ ስንቀርጽ ደኑ ጥቅጥቅ ያለ አረንጓዴ ነው። ከሥር ሲገቡ ሌላ ነው። ቡናው ከአረም ጋር እንዳይሻማ፣ ለቀማውም እንዲቀል፣ ሥሩ ይመነጠራል። ከቁጥቋጦው ጋር የዋንዛው፣ የሳሳው፣ የብርብራው ቡቃያም አብሮ ይታጨዳል። ሽማግሌ ዛፍ ሞልቷል፤ ልጆቹ ግን የሉም። እሱ የወደቀ ቀን ቦታውን ማን ይይዛል? ይህን ድሮን አያሳይም። እኔም ያየሁት ጭቃው ላይ ተንበርክኬ፣ መሬት መሬቱን እያየሁ ስሄድ ነው።

ገበሬውን አልወቅስም። የልጆቹ ደብተር የሚገዛው ከዚያ ቡና ነው። ደግሞም ሲመነጥር ቡቃያ እየለየ የሚያስቀር ሰው አይቻለሁ። አጠገቡ እንጨት ይተክልለታል፤ ሌላ መንጣሪ እንዳይቆርጠው። ለምን እንደሚለፋ ስጠይቀው፣ «ጥላው ከሄደ ቡናዬም ይሄዳል» አለኝ። ይህን ሲለኝ ካሜራው ጠፍቶ ነበር። እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። ስለዚህ ፊልሙ ላይ ስለማታገኙት እዚህ ልንገራችሁ ብዬ ነው።

ቀፎ ሰቃዩ አባት ዛሬ አብረውን አሉ፤ ፊት ለፊት ተቀምጠዋል። አባቴ፣ እንኳን መጡልን። የፊልሙ መጀመሪያ ላይ በካሜራው ፊት ሲያልፉ ታዩዋቸዋላችሁ። ቀስ ብለው ነው የሚያልፉት፤ እኛም እስኪጨርሱ ጠብቀናል።

አሁን መብራቱን አጥፉልን።